የጨፌዋ ቀንድ አውጣ

ክረምቱ ወጥቶ እንኳ በየካ ጋራና በእንጦጦ ግርጌ ጨፌው ቶሎ አይደርቅም። ሣሩ እዚያ ይለመልማል። በጎቻችሁም ወደዚያው ይሮጣሉ፤ አይደል?

እንዲህ ባለው የደጋ ጨፌ፣ ከጭቃው ላይ፣ ከባቄላ ፍሬ የማትበልጥ ቡናማ ቀንድ አውጣ ትኖራለች። ቀንድ አላት ይባላል እንጂ አትወጋም። ሲነኳት ቅርፊቷ ውስጥ ትገባለች፤ ሌላ መከላከያ የላትም። በባሕር ወለል የምትኖር ባለ ሁለት ቅርፊት ዘመድ አለቻት። እርሷ ጠላት ሲጠጋት ቅርፊቶቿን ከፈት ዘጋ እያደረገች፣ ውሃውን እየገፋች ትሸሻለች። የእኛዋ እንዲህ መሸሽ አትችልም። መደበቅ ግን ታውቃለች!

ዳክዬና የውሃ ወፍ ይለቅሟታል። ከወፍ የባሰ ጠላቷ ግን ድርቅ ነው። በጋ ሲገባ ጭቃ ውስጥ ትቀበራለች። ሳትበላ፣ ሳትንቀሳቀስ ወራት ትቆያለች። መሬቱ ሲሰነጣጠቅ ሞታለች ትላላችሁ። ዝናብ ሲመጣ ግን ወጥታ እንቁላል ትጥላለች።

ታዲያ እኛን ምን አገባን? አገባን እንጂ! በደጋ የሚገኘው የበግና የከብት ጉበት ትል ያለ እርሷ አይራባም። የትሉ እንቁላል ከእበትና ከበጠጥ ጋር ይወጣል። ውሃ ውስጥ ይፈለፈልና ቀንድ አውጣዋ ሥጋ ውስጥ ይገባል። እዚያ አንዱ ብዙ መቶ ይሆናል። ከዚያ ወጥቶ ሣር ላይ ይጣበቃል። በጉ ሣሩን ሲበላ ትሉ ወደ ጉበቱ ይሄዳል። በግ ስታርዱ ጉበቱ ውስጥ ቅጠል የመሰለ ጠፍጣፋ ትል አይታችሁ ይሆናል፤ እርሱ ነው። በጉ ይከሳል፤ የዓይኑ ሽፋን ውስጡ ይነጣል፤ መንጋጭላው ሥር ያብጣል።

«በእንዶድ እንግደላት» የሚል ይኖራል። እውነት ነው፣ ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 እ.ኤ.አ. አድዋ ላይ፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት በታች የሞቱ ቀንድ አውጣዎች አይተዋል። ያ ለቢልሃርዝያ በሽታ ትልቅ ግኝት ሆነ። የጨፌዋ ግን ከውሃው ወጥታ ጭቃ ላይ ስለምትውል እንዶዱ በደንብ አይደርስባትም። እንዶድ ደግሞ ዓሣም ይገድላል።

የሚሻለው ቦይ ቀዶ ውሃውን ማፍሰስ ነው። ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ በጎቹን ዳገቱ ላይ አግጡ። የጨፌ ሣር ካጨዳችሁ በፀሐይ በደንብ አድርቁት። መንጋጭላው ያበጠውን በግ ሳይውል ሳያድር ለእንስሳት ሐኪም አሳዩ፤ መድኃኒት አለው። ትሉ ሰውንም ይይዛልና ከጨፌው የለቀማችሁትን ቅጠል ጥሬውን አትብሉ፤ ቀቅሉት።