«ክሰሰን» የምትለዋ መልስ

ክፍያ የዘገየበት ተቋራጭ የወረዳ ፋይናንስ ጽሕፈት ቤት ደጅ ሲጠና ከርሞ መጨረሻ ላይ የሚሰማት መልስ ይህች ናት፦ «እንግዲህ መብትህ ነው፤ ክሰሰን።» በጨዋ ድምፅ ነው የምትነገረው። ተናጋሪው ሕግ አክባሪ የሆነ ይመስለዋል። እኔ ግን ከለየለት እምቢታ የባሰች ናት እላለሁ።

ዕዳው እኮ አያከራክርም። የትምህርት ቤቱ ብሎክ ቆሟል፤ ልጆች እየተማሩበት ነው። ልኬት ተወስዷል፣ አማካሪ መሐንዲሱ የክፍያ ሰርተፍኬቱን ፈርሟል፣ ጊዜያዊ ርክክብም ተደርጓል። የቀረው የአንድ ኃላፊ ፊርማ ነው። ኃላፊው ግን ይፈራል፦ የሥራው በጀት ሰኔ 30 ተዘግቷል፤ ውሉን የፈረመው ሰው ተዛውሯል፤ የአምናውን ዕዳ ከዘንድሮ በጀት ቢከፍል ኦዲተር ይይዘዋል፣ «ስንት ተቀብሎ ነው?» የሚል ሐሜትም አይቀርለትም። የፍርድ ቤት ትዕዛዝ ከዚህ ሁሉ ያድነዋል። «ታዘን ከፈልን» ይላል። ዳኛው ክርክር በሌለበት ተሰይሞ ለፈሪ ኃላፊ ፊርማ ያበድራል ማለት ነው።

ወጪው በከሳሹ ላይ ነው። የዳኝነት ገንዘብ በጠየቀው ልክ ተሰልቶ አስቀድሞ ይከፍላል፤ ጠበቃ ይይዛል። የወረዳው ዐቃቤ ሕግ ቀርቦ የሚያነሳው የመጀመሪያ መቃወሚያ ስለ ግንባታው አንድም ቃል የለውም፦ መከሰስ ያለበት ትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ነው ወይስ ፋይናንስ? አንዱ ውሉን ፈርሟል፣ ሌላው ገንዘቡን ይዟል። በዚህ ብቻ ስንት ቀጠሮ ያልፋል! ቀጥሎ ይግባኝ፣ ከዚያ ሰበር። ይግባኙ የሚጠየቀውም ይሸነፋል ተብሎ እየታወቀ፣ «ለምን ዝም አልክ» እንዳይባል ነው።

ሕጉም ቢሆን ወደ አስተዳደሩ አጋድሏል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 3177 መሥሪያ ቤቱ ግዴታውን ባይወጣም ተዋዋዩ ሥራውን እንዳያቆም ይከለክላል፤ የሚፈቅድለት መፈጸም የማይቻል ሲሆንበት ብቻ ነው። የሕዝብ አገልግሎት እንዳይስተጓጎል የታሰበ ስለሆነ አልቃወመውም። ግን «አታቁም» የተባለ ሰው በጊዜው ሊከፈለው አይገባም ነበር? ወለዱንም እዩት። ሕጋዊው ወለድ በቁጥር 1751 መሠረት በዓመት 9 ከመቶ ነው፤ በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 ከመቶ በላይ ወጥቶ ነበር። በሐምሌ 2016 ብር በገበያ እንዲተመን ሲደረግ ደግሞ የዶላር ዋጋ በሳምንታት ውስጥ እጥፍ ሊሆን ተቃረበ። በእንዲህ ያለ ጊዜ ክፍያ ያዘገየ ወረዳ አትራፊ ነው፦ ያለ መያዣ፣ ያለ ውል፣ ከባንክ በረከሰ ወለድ ከተቋራጩ ኪስ ተበድሯል።

ተቋራጩን ያበደረው ባንክ በበኩሉ ዳኛ አያስፈልገውም። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ መያዣውን በሐራጅ ይሸጣል። አንዱ ዕዳ ያለ ፍርድ የመኖሪያ ግቢ ያስወስዳል፤ ሌላው ፍርድ አግኝቶም አይከፈልም።

ምክንያቱም አፈጻጸም ላይ ሲደረስ ምን ይያዛል? ጤና ጣቢያ? አምቡላንስ? ለሕዝብ አገልግሎት የዋለ ንብረት አይሸጥም፤ መሸጥም የለበትም። የወረዳውን የባንክ ሒሳብ ያሳገደ ደግሞ «የመምህራን ደመወዝ ያስቆመው» ተብሎ ስሙ ይነሳል፤ ቀጣዩን ጨረታ ይርሳው። ስለዚህ ፍርዱን በፖስታ ይዞ ወደዚያው ቢሮ ይመለሳል። ወለዱን ተውልን ይሉታል፤ ይተዋል።

ወረዳዎች ድሆች ናቸው ይባላል። እውነት ነው፤ ከክልል የሚወርደው ጥቅል በጀት በአብዛኛው በደመወዝና በሥራ ማስኬጃ ያልቃል። ታዲያ ገንዘብ ሳይያዝ ጨረታውን ማን አወጣ? የአምናውን ዕዳ ሳይከፍል ዘንድሮ አዲስ የመሠረተ ድንጋይ የሚያስቀምጠውስ ማነው? የወረዳ ምክር ቤት በጀት ሲያጸድቅ የፍርድ ዕዳን ከደመወዝ ቀጥሎ ያስፍር፤ ያ ሳይከፈል አዲስ ጨረታ አይውጣ። ማንም ያልተከራከረበትን ሰርተፍኬት ፍርድ ቤት ድረስ ያስጓዘ ኃላፊም ለወለዱና ለኪሳራው መልስ ይስጥ። ኦዲተሩ እስካሁን የሚያሳድደው የከፈለውን ብቻ ነው።