የቼሪ ዋጋ ለጋይንት ምኑ ነው?

በአዲስ አበባ ሱፐርማርኬት ከውጭ የገባ ፍራፍሬ ያየ ሰው የሚወዳት ስሌት አለች። የአንድ ኪሎ አፕል ዋጋ ይይዛል፣ አንድ ዛፍ በሚሰጠው ምርት ያባዛል፣ ዛፉን ደግሞ በሄክታር ያባዛል፤ በመጨረሻ «ይህ ደቡብ ጎንደር፣ ጉና ተራራ ላይ ቢተከል ጋይንትና እስቴ የት በደረሱ!» ይላል። ደጋ ነው፣ ብርድ አለ፣ ጉና ከ4,100 ሜትር በላይ ነው። አፕል አልበቃ ብሏቸው ቼሪ እንትከል የሚሉም ሰምቻለሁ።

ማባዛቱ ትክክል ነው። የተያዘው ዋጋ ግን የማን ዋጋ ነው? ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. በፊት በባንክ አንድ ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር። ሐምሌ 22 ምንዛሪው ለገበያ ተለቀቀና በዓመቱ ከ130 ብር አለፈ። ቀረጥ የሚሰላው ዕቃው ከነማጓጓዣውና ከነኢንሹራንሱ በሚያወጣው ዋጋ ላይ ስለሆነ፣ ብር በወረደ ቁጥር ቀረጡም በብር አብሮ ይወጣል። ትንሿን ስቲከር ለጥፎ፣ በካርቶን ጉድጓድ ውስጥ አንድ በአንድ ተደርድሮ የሚመጣው አፕል ከአገሩ ሲነሳ ርካሽ ሊሆን ይችላል። እኛ ዘንድ ሲደርስ የዶላርን፣ የቅዝቃዜንና የመርከብን ሒሳብ ተሸክሞ ነው። የነፋስ መውጫ ገበሬ ያንን ዋጋ ላግኝ ቢል፣ ዶላሩ ባያስፈልገው እንኳ ቅዝቃዜውና ጉዞው ይቀሩታል።

ቼሪ ደግሞ የባሰ ነው። ከተለቀመ በኋላ አይበስልም፤ ከዛፉ በወረደበት ሰዓት የነበረውን ይዞ ወደ መበላሸት ብቻ ይሄዳል። ቺሊ ከምትልከው ቼሪ አብዛኛውን የምትሸጠው ለቻይና አዲስ ዓመት ነው። በጥር 2017 ዓ.ም. ከ1,300 በላይ ኮንቴይነር ቼሪ የጫነችው መርከብ «ማርስክ ሳልቶሮ» ሞተሯ ተበላሽቶ ፓስፊክ መሐል ቆመች። ወደብ የደረሰችው በዓሉ ካለፈ በኋላ ነው። ያን ዓመት ምርቱ ስለበዛ ዋጋው ቀድሞም ወድቆ ነበር። መርከብ፣ ማቀዝቀዣና ዋስትና ያለው ላኪ እንዲህ ከሆነ፣ ጨጨሆ ላይ ጎማ የፈነዳበት አይሱዙ የጫነው ፍሬ ምን ይሆናል?

በዚያ ላይ ብርድ ብቻ ቼሪ አያበቅልም። ዛፉ ቅጠሉን አራግፎ ለወራት የሚተኛበት የፈረንጅ ክረምት ይፈልጋል። የእኛ ደጋ ሌሊት ያንቀጠቅጣል፣ ቀን ፀሐይ ያወጣል፤ ዛፉ እንቅልፍ አይወስደውም። በጨንቻ የአፕል ገበሬ ብዙ ቅዝቃዜ የማይጠይቁ ዝርያዎችን መርጦ፣ ቅጠሉን በእጁ እየለቀመ ዛፉን በግድ ያስተኛዋል። አፕል እዚያ ከገባ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ሆኖታል። ለዓመታት ከፍሬው ይልቅ ችግኙ ነበር ገንዘብ ያመጣው፤ ሁሉም ተካይ ሲሆን ደግሞ የችግኝ ገበያ ማለቁ አይቀርም። ይህን ያልጠየቀ ሰው ጉናን በአፕል ሊሸፍን ይነሳል።

እኔ የምለው፣ ጋይንት ስለሚበላሽ ምርት ዋጋ ሊማር ቺሊ መሄድ አያስፈልገውም። ድንች አለው። የጉናን ዙሪያ፣ ክምር ድንጋይን፣ ጋሳይን፣ ላይ ጋይንትን የሚያውቅ ሰው፣ ድንች በሚቆፈርበት ሰሞን ገበያው እንዴት እንደሚወድቅ ያውቃል። ሁሉም ባንድ ጊዜ ያወጣል፤ ማቆያ የለም፤ ደላላው ይህን ስለሚያውቅ አይቸኩልም። ጆንያው ከአፉ በላይ ይሞላል፣ የተረፈው ቁልል በገመድ እንደ መረብ ይሰፋል፤ ስሙ ግን አንድ ኩንታል ነው። ሚዛን ላይ ቢወጣ ብዙ ጊዜ 100 ኪሎ ላይ አይቆምም፤ የሚከፈለው ግን ለ100 ነው። ይቺ የተሰፋች ቁልል የደላላው ነጻ ትርፍ ናት። በመዝሪያው ወር ያው ገበሬ ዘር ድንች ፍለጋ ይወጣል፤ ያኔ ዋጋው ሌላ ነው።

አዴት የምርምር ማዕከል እንደ ጓሳና ዘንገና ያሉ የድንች ዝርያዎችን ያወጣው ከሃያ ዓመት በፊት ነው። ዘሩ ነበረ፤ የጎደለው ከዘሩ በኋላ ያለው ነው። ዘር ድንች ብርሃንና ነፋስ በሚያስገባ፣ በርብራብ በተሠራ ቤት ወራት ይቆያል። የሚበላው ግን ብርሃን ካገኘው አረንጓዴ ይሆናልና ጨለማና ቀዝቃዛ ቦታ ይፈልጋል። የጉና ሌሊት ይህን ቅዝቃዜ በነጻ ይሰጣል፤ ሌሊት ከፍቶ ቀን የሚዘጋ በወጉ የተሠራ ቤት እንጂ የመብራት ማቀዝቀዣ ላያስፈልግ ይችላል።

ቡና አምራቹ መሸሻ አለው። የእሸቱ ዋጋ ካልጣመው አድርቆ ጀንፈል ያደርገዋል፣ ይጠብቃል። የገብስ ገበሬም ጎተራ አለው። ከቆጋ መስኖ ወደ አውሮፓ የተላከው አቮካዶም ጠንካራ ሆኖ ተለቅሞ በማቀዝቀዣ ኮንቴይነር ይጓዛል፣ የሚበስለው ከደረሰ በኋላ ነው፤ ገዢውም ቀድሞ ይታወቃል። ዋጋ መጠበቅ ለቻለ ነው የሚቆምለት፤ ድንችና ፍራፍሬ በእጁ የያዘ የስማዳ ሰው መጠበቅ አይችልም።

መንገዱም አለ። ከነፋስ መውጫ አዲስ አበባ በባሕር ዳርም ሆነ በወልድያ 700 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ነሐሴ 2013 የሰሜኑ ጦርነት ነፋስ መውጫ ድረስ መጣ፤ ከ2015 ክረምት ወዲህ ደግሞ በአማራ ክልል ባለው ግጭት መንገድ በየጊዜው ይዘጋል። የተዘጋ መንገድ ገብስን ያዘገየዋል፤ ፍሬን ይገድለዋል። ይህ እያለ ለወጪ ንግድ ፍራፍሬ ትከሉ ማለት ኪሳራውን ለገበሬው ብቻ መስጠት ነው። ላይ ጋይንትና ስማዳ ደግሞ ሴፍቲኔት ሲረዳቸው የኖሩ ወረዳዎች ናቸው፤ አንድ መጥፎ ዓመት የሚሸከም ትርፍ የላቸውም።

አፕል በጓሮ አትትከሉ እያልኩ አይደለም። ለልጆች፣ ለደብረ ታቦር ገበያ ሁለት ሦስት ዛፍ ጥሩ ነው። ሄክታር ለመሸፈን ግን መጀመሪያ ገዢ፣ ከዚያ ማቆያ፣ ከዚያ ችግኝ ነው ቅደም ተከተሉ፤ እኛ ዘወትር ከችግኙ እንጀምራለን። የዘንድሮ የወረዳዎቹ በጀት ጥቂት ብር ካለው፣ በነፋስ መውጫ፣ በአርብ ገበያ፣ በወገዳና በመካነ ኢየሱስ የገበያ ቀን ሰው ሁሉ የሚያየው ሚዛን ይቁም፤ ጆንያው ሳይጫን ቁልሉ ይመዘን፤ የዚያ ቀን የባሕር ዳር ዋጋም አጠገቡ ተጽፎ ይለጠፍ።