የአንዲት አበባ ጠብ

ኖርማን ማክላረን እ.ኤ.አ. በ1952 በካናዳ ብሔራዊ የፊልም ቦርድ የሠራው «ጎረቤታሞች» ስምንት ደቂቃ ያህል ብቻ ይወስዳል። ሁለት ሰዎች ጎን ለጎን ተቀምጠው ጋዜጣ ሲያነቡ በድንበራቸው ላይ አንዲት አበባ ትበቅላለች። መጀመሪያ በመዓዛዋ ይሰክራሉ፤ ቀጥሎ አጥር ይተክላሉ፤ በመጨረሻ ይገዳደላሉ። አበባዋም በጠባቸው መሀል ትረገጣለች።

ንግግር የለም። ማክላረን ሕያው ተዋንያንን እንደ አሻንጉሊት እያንቀሳቀሰ ፍሬም በፍሬም ቀረጻቸው፤ ድምፁንም የፊልሙን ጠርዝ በመጫር ፈጠረው። ሰዎቹ በሣሩ ላይ ሲንሸራተቱና በአየር ላይ ሲንሳፈፉ ተመልካች ይስቃል። ጠበኞቹ አንዱ የሌላውን ቤት አፍርሰው በሚስትና በሕፃን ላይ እጃቸውን ሲያነሱ ግን ሳቁ ይቋረጣል።

ፊልሙ ኦስካር ቢሸለምም ይህ ትዕይንት ተቆርጦ የታየበት ጊዜ ነበር፤ የተመለሰው በቬትናም ጦርነት ዘመን ነው።

መቁረጡ ትልቅ ስህተት ነበር። ያለዚያ ትዕይንት ጠቡ የሁለት ጎረምሶች ትግል ይመስላል። ዱላውን አሳይቶ የተመታውን የሚሸሽግ ፊልም ጭካኔን ያስውባል። ማክላረን ግን እ.ኤ.አ. በ1936 የስፔንን የእርስ በርስ ጦርነት በካሜራ የቀረጸ ሰው ነው፤ ጦርነት ማን ቤት እንደሚገባ አይቷል። ስለዚህ ፊልሙ ለወጣቶች በሚታይበት ሁሉ፣ አስተማሪው ቢጨነቅም እንኳ፣ ሳይቆራረጥ ሊታይ ይገባል።