የታዝማኒያን ነብር ማን ገደለው?

ታይላሲን፣ በተለምዶ የታዝማኒያ ነብር የሚባለው፣ ከወገቡ እስከ ጭራው ሥር ጥቁር መስመሮች የወረዱበት፣ መልኩ ውሻ የሚመስል፣ ልጆቹን ግን እንደ ካንጋሮ በኪሱ የሚያሳድግ ሥጋ በል ነበር። በሰው እጅ የነበረችው የመጨረሻዋ በ1936 ሆባርት ከተማ በሚገኘው የቦማሪስ መካነ አራዊት ሞተች። ለመጥፋቱ ተጠያቂው ማን ወይም ምንድን ነው? ሁለት ጸሐፊዎች ይሟገታሉ። ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ምርመራው አላለቀም

ስለዚህ እንስሳ የሚጻፈው ሁሉ አንድ ዓይነት ነው። በግ አርቢዎች ጠሉት፣ መንግሥት ለገደለው ገንዘብ ከፈለ፣ እንስሳው አለቀ። እኔ የእንስሳት ሐኪም ነኝ፤ ይህን ታሪክ ባነበብኩ ቁጥር የሟቹ አስከሬን ሳይመረመር ፋይሉ የተዘጋ ይመስለኛል።

ከክፍያው መዝገብ እንነሳ። የታዝማኒያ መንግሥት ከ1888 እስከ 1909 ለአንድ ትልቅ ታይላሲን 1 ፓውንድ፣ ለግልገል 10 ሽልንግ ይከፍል ነበር። በጠቅላላው 2,184 ክፍያ ተፈጽሟል። በመጀመሪያው ዓመት 81፣ በሁለተኛው 113፣ በሦስተኛው 128። በ1900 ቁጥሩ 153 ደረሰ። በ1905 እንኳ 111 ነበር። እንግዲህ አዳኞች 18 ዓመት ሙሉ በየዓመቱ መቶ ገደማ እየገደሉ በዓመቱ ደግሞ ሌላ መቶ ያገኙ ነበር ማለት ነው። ከዚያ በ1906 58፣ በ1907 42፣ በ1908 17፣ በ1909 2 ብቻ። በ1910 ክፍያ የጠየቀ አንድም ሰው የለም።

በአደን ብቻ የሚያልቅ እንስሳ ዓመት ከዓመት እየሳሳ ሲሄድ እንጂ እንዲህ በአራት ዓመት ውስጥ ከገደል ሲወድቅ አይታይም። በመካነ አራዊት የተያዙትንም በዱር የነበሩትንም ዲስቴምፐር የተባለውን የውሻ በሽታ የመሰለ ነገር እንደመታቸው የሚናገሩ የዘመኑ ምስክርነቶች አሉ። በሙያዬ እንዲህ ያለ የቁጥር አወራረድ ሳይ መጀመሪያ የምጠይቀው ስለ ወረርሽኝ ነው።

በሽታውም ያገኘው ጠንካራ ዘር አልነበረም። ባሕሩ ከፍ ብሎ ታዝማኒያን ከአውስትራሊያ ዋና ምድር ከለያት ከ10 ሺህ ዓመት በላይ ሆኗል። በደሴቲቱ የቀሩት ታይላሲኖች እርስ በርስ ሲዋለዱ ኖረው የዘር ብዝኃነታቸው እጅግ ጠቦ እንደነበር የጂኖም ጥናት አሳይቷል። በዋናው ምድር የነበሩት ደግሞ የዛሬ 3 ሺህ ዓመት ገደማ ጠፍተዋል፤ ተመራማሪዎች ዲንጎ የተባለውን የዱር ውሻ፣ የሰውን አደንና የአየር ንብረት ለውጥን በምክንያትነት ያነሳሉ። እዚያ በግ አልነበረም። ፓውንድ የሚከፍል መንግሥትም አልነበረም።

ይህን የምለው ገዳዮችን ነጻ ለማውጣት አይደለም፤ ለሕያዋኑ ስለምሠጋ ነው። በዚያችው ደሴት የሚኖረው የታዝማኒያ ዴቪል ከ1941 ጀምሮ በሕግ የተጠበቀ ነው። ሆኖም በ1996 የታየው፣ በንክሻ የሚተላለፈው የፊት ካንሰር በተዛመተባቸው ቦታዎች ከአሥሩ ስምንቱን ጨርሷል። የእኛው ቀይ ቀበሮም በመላ ኢትዮጵያ ለአካለ መጠን የደረሰው ከ500 አይበልጥም፤ በባሌ ተራሮች በአንድ ጊዜ ብዙዎችን የሚጥለው ከውሻ የሚጋባው የእብድ ውሻ በሽታና ዲስቴምፐር ነው። «ጠመንጃ ገደለው» ብለን ታሪኩን የምንዘጋ ከሆነ ክትባት የሚጠብቀውን እንስሳ በጠባቂ ብቻ ልናድነው እንሞክራለን።

በዋጋ የተገዛ ሞት

ባልደረባዬ አስከሬኑ አልተመረመረም ይላሉ። እኔ ደግሞ ገዳዩ ደረሰኝ ትቶ ሄዷል እላለሁ።

በ1830 በደሴቲቱ ሰሜን ምዕራብ በግ ያረባ የነበረው የቫን ዲመንስ ላንድ ኩባንያ ታይላሲን ገድሎ ለሚያመጣ ሰው ገንዘብ መክፈል ጀመረ። በዚያው ዓመት የቅኝ ግዛቱ ገዥ ጆርጅ አርተር የደሴቲቱን ጥንታዊ ነዋሪዎች ይዞ ለሚያስረክብ ለአንድ ትልቅ ሰው 5 ፓውንድ፣ ለአንድ ሕፃን 2 ፓውንድ እንዲከፈል አዘዘ። አንድ ደሴት፣ አንድ ዓመት፣ ሁለት የዋጋ ዝርዝር። አገሩን ለበግ ማጽዳት የሚል ሐሳብ ከሰው ጀምሮ እስከ አውሬ ወረደ። ይህን ሳያነሱ ስለ ታይላሲን መጥፋት መጻፍ ለእኔ አይሆንልኝም።

በ1886 ደግሞ ጉዳዩ ፓርላማ ገባ። ጆን ላይን የተባለው ተመራጭ ይህ አውሬ በዓመት ከ30 እስከ 40 ሺህ በግ ይጨርሳል ብሎ ተናገረ። በጎቹ በእርግጥ ይሞቱ ነበር፤ ብርድ፣ ሌባ፣ ያለ ጠባቂ የሚለቀቅ ውሻና የማይረባ አያያዝ ይፈጃቸው ነበር። ውሻውን መክሰስ ባለቤቱን መክሰስ ነው፤ አያያዙን መክሰስ ራስን መክሰስ ነው። አፍ የሌለው አውሬ ግን አይከራከርም። ለገደለው መንግሥት ገንዘብ ይክፈል የሚለው ሐሳብ በ12 ለ11 ድምፅ አለፈ። አንድ ሰው፣ አንድ እጅ ብቻ ወደ ሌላ ወገን ቢነሳ ኖሮ የዚያን ቀን ውሳኔ ሌላ በሆነ ነበር! በሽታ እጅ አያነሳም፤ በሽታ አዋጅ አያወጣም።

የተከሰሰው እንስሳ ምን ዓይነት ነበር? ዓይን አፋር፣ በምሽት የሚወጣ፣ ከሰው የሚሸሽ። እናቲቱ እስከ አራት ልጅ በኪሷ ትይዛለች፤ የኪሷ አፍ ወደ ኋላ ስለሚከፈት በቁጥቋጦ ውስጥ ስትሮጥ እሾህና አፈር አይገባባቸውም። አፉ እጅግ ሰፊ ሆኖ ይከፈታል፤ መንጋጋው ግን ትልቅ እንስሳ ታግሎ ለመጣል አቅም እንዳልነበረው በ2011 የወጣ ጥናት አሳይቷል።

ዴቪድ ፍሌይ በ1933 በሆባርት የቀረጸውን አጭር ፊልም አይቻለሁ። እንስሳው በአጥር ውስጥ ወዲያና ወዲህ ይላል፣ ያዛጋል፣ ይቀመጣል፣ እንደገና ይነሳል። ልቤ የቆመው ፊልሙ ላይ አይደለም፤ ቀኑ ላይ ነው። 1933! እንስሳው ከዱር እየጠፋ መሆኑን አገሩ ሁሉ ያውቃል፤ የሚከለክል ሕግ ግን አልወጣም። ሕጉ የጸደቀው ሐምሌ 10 ቀን 1936 ነው። የመጨረሻዋ እንስሳ መስከረም 7 ሞተች፤ 59 ቀን ብቻ። በዚያን ሰሞን ቀኑ ሲያቃጥል ሌሊቱ ሲበርድ መጠለያዋ ተዘግቶባት ውጭ እንደቀረች ይነገራል። አስከሬኗ ወደ ሙዚየም ተወሰደ፤ ነገር ግን በወግ ስላልተመዘገበ የማን እንደሆነ ሳይታወቅ ቆይቶ እዚያው የሙዚየሙ ቁም ሣጥን ውስጥ መሆኑ የተረጋገጠው በ2022 ነው። ባልደረባዬ ስለ አስከሬን ምርመራ ካነሱ፣ የተደረገላት ክብር ይኸው ነው።

የመጀመሪያው ጸሐፊ መልስ

የሰዎቹን ሰቆቃ ከአውሬ ዕጣ ጋር በአንድ አንቀጽ መደርደሩን አልወደድኩትም። የታዝማኒያ ጥንታዊ ሕዝብ ግፍ ራሱን የቻለ ታሪክ ነው፤ ተወላጆቹም ዛሬ አሉ፣ ስለ ራሳቸው ይናገራሉ። የሌላ ክርክር ማጣፈጫ ሊሆን አይገባውም።

ስለ 59ኙ ቀንም አንድ ነገር ልበል። ሁሉም ሰው ስለዚያች አንዲት እንስሳ ያለቅሳል። ከ1910 ወዲህ «አየን» የተባሉ 1,237 ሪፖርቶችን ሰብስበው የመረመሩ ሳይንቲስቶች በ2023 ባወጡት ጥናት እንስሳው ከ1936 በኋላም ለአሥርት ዓመታት በዱር ሳይቆይ እንዳልቀረ ደምድመዋል። እንዲህ ከሆነ ያን ጊዜ የሚያስፈልገው ጫካ ገብቶ የቀሩትን ማግኘት፣ ጤናቸውን ማወቅ፣ ከውሻ መለየት ነበር። ዓይናችንን በአጥሩ ላይ ተክለን ጫካውን ረሳነው። ዛሬም የምንረሳው እሱን ነው።

የሁለተኛው ጸሐፊ መልስ

ያናደደኝ «መዝገብ» የሚለው ቃል ነው። 153 ማለት 153 ጊዜ አንድ ሰው ሬሳ ተሸክሞ ሹም ፊት ቀርቦ ገንዘብ ቆጥሮ ተቀበለ ማለት ነው። ያም ቢሆን ክፍያ የጠየቁትን ብቻ ነው የሚቆጥረው፤ ኩባንያው በራሱ ገንዘብ ያስገደላቸው፣ ቆዳቸው የተሸጠ፣ ለሌላ በተጠመደ ወጥመድ ገብተው የሞቱ በዚያ ቁጥር ውስጥ የሉም። በአደሌድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የተመራ በ2013 የታተመ ስሌት በሽታ ሳይጨመርበት የሰው ጉዳት ብቻ እንስሳውን ለማጥፋት ይበቃ እንደነበር አሳይቷል፤ እኔ ግን ለዚህ ጉዳይ ስሌት አያስፈልገኝም።

በሽታ ነበር እንበል። የታመመን እያሳደዱ መግደል ከጥፋቱ ያወጣል ወይስ ያከብደዋል? የክፍያው ቁጥር 2 ሲደርስ መንግሥት እንስሳው እያለቀ መሆኑን ከራሱ መዝገብ አንብቧል። ከ1909 እስከ 1936 ድረስ 27 ዓመት ነበረው። በ1926 የለንደን መካነ አራዊት አንዱን በ150 ፓውንድ ገዛ፤ ውድ የሆነው ብርቅ ስለሆነ መሆኑን ሻጩም ገዢውም ያውቁ ነበር። በ1928 የአገሬው እንስሳት አማካሪ ኮሚቴ የተከለለ ቦታ እንዲሰጠው ሐሳብ አቀረበ። በ1930 ማውባና በተባለ ቦታ አንድ ገበሬ በዱር የነበረ ታይላሲን ተኩሶ ገደለ፤ ከሬሳው ጋርም ፎቶ ተነሳ። ሕግ አልጣሰም፤ የሚጥሰው ሕግ ገና ስድስት ዓመት ይቀረው ነበርና።