የአፕሪኮት ዋጋ ለምን ይንራል?

የአፕሪኮት ዋጋ የሚንረው የዓለም ፍላጎት ስላደገ ነው የሚለው የገበያ ዘገባዎች ድምዳሜ ስሕተት ነው። ይህ የኮክ ዘመድ ትኩስ ሆኖ ብዙ ስለማይቆይ አብዛኛው የሚበላው በበቀለበት አገር ነው፤ ባሕር ተሻግሮ በስፋት የሚነገደው ደረቁ ነው። የደረቁ ዋና ምንጭ ደግሞ አንድ የቱርክ ግዛት፣ ማላቲያ፣ ነው። ዛፉ ከብዙ ፍራፍሬዎች ቀድሞ ስለሚያብብ፣ በአበባው ወቅት አንድ ሌሊት የጣለ ውርጭ የዓመቱን ምርት ሊያጠፋ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2014 እና በ2025 ማላቲያን የመታት ይኸው ውርጭ ነው፤ በዚያን ጊዜ ገበያው የተናጋው በላተኛ ስለበዛ ሳይሆን ዛፉ ባዶውን ስለቀረ ነው። ኡዝቤኪስታንም ትልቅ አምራች ናት፤ ሆኖም አዲስ ችግኝ ፍሬ እስኪሰጥ ዓመታት ስለሚወስድ ጉድለቱ በአንድ ወቅት አይሞላም። ውርጩን የዘነጋ ትንበያ ገበሬውን በውድ ዓመት ዋጋ አማልሎ ያስተክለዋል፤ ችግኙ ሲያፈራ ግን ያ ዋጋ ላይኖር ይችላል።