ጨዋታው በመስኮት ይሁን



ስለ ኮምፒዩተር ጨዋታ በዚህ ጋዜጣ ላይ መጻፍ ለአንዳንድ አንባቢዎች እንደ ቀልድ ሊታይ ይችላል። ስለ ምግብ ቤቱ ወጥ፣ ስለ ቤተ መጻሕፍቱ መቀመጫ ማነስና ስለ ምዝገባው ሰልፍ በሚጻፍበት ገጽ ላይ የጨዋታ ነገር ምን ይሠራል የሚል ቢኖር አይፈረድበትም። ዳሩ ግን ከምሽቱ 3 ሰዓት በኋላ በየዶርሙ ብቅ ያለ ሰው የሚያየውን ያውቃል፤ ጨዋታ እንደሌለ አድርገን ብንናገር ራሳችንን እናታልላለን እንጂ ማንንም አንጠቅምም። እኔም የምጽፈው ጨዋታ ይፈቀድ ወይስ ይከልከል ስለሚለው የቆየ ክርክር አይደለም። የኔ ጥያቄ ከዚያ ያነሰ ነው፤ ይኸውም የምንጫወተው ጨዋታ የኮምፒዩተሩን ስክሪን በሙሉ ይያዝ ወይስ በመስኮት ውስጥ ይወሰን የሚለው ነው። በበኩሌ፣ አንዱን ኮምፒዩተር ለብዙ የምንጠቀምና መብራቱም የማያስተማምነን ተማሪዎች እስከ ሆንን ድረስ ጨዋታችን በመስኮት ሊሆን ይገባዋል እላለሁ።

በቅድሚያ ነገሩን ላልለመዱት ላስረዳ። አንድ ጨዋታ በሁለት ዓይነት መንገድ ሊከፈት ይችላል። አንደኛው ፉል ስክሪን የሚባለው ነው። ጨዋታው ስክሪኑን ከዳር እስከ ዳር ይይዘዋል፤ በታችኛው ጥግ ያለው ሰዓት፣ የባትሪው ምልክትና የተከፈቱት ሌሎች ጽሑፎች ሁሉ ከዓይን ይሰወራሉ። ሁለተኛው በመስኮት መጫወት ነው። ጨዋታው እንደ ማንኛውም ጽሑፍ በአንድ ክፈፍ ውስጥ ይቀመጣል፤ በዙሪያው ያለውም እንዳለ ይታያል።

ስክሪኑን በሙሉ የመያዝ ልማድ ከየት እንደ መጣ ማወቅ ይጠቅማል። በዶስ ዘመን ኮምፒዩተሩ ባብዛኛው በአንድ ጊዜ አንድ ፕሮግራም ብቻ ያስተናግድ ስለ ነበር ጨዋታው ስክሪኑን ለብቻው መያዙ ግድ ነበር። ዊንዶውስ ከመጣ በኋላ ነገሩ ተለወጠ፤ እ.ኤ.አ. በ1990 ከዊንዶውስ 3.0 ጋር የወጣው ሶሊቴር የተባለው የካርታ ጨዋታ ከጅምሩ በመስኮት ውስጥ የሚጫወቱት ነበር። ሆኖም ትልልቆቹ ጨዋታዎች ፍጥነት ስለሚፈልጉ፣ ማይክሮሶፍት በ1995 ባወጣው ዳይሬክት ኤክስ እየታገዙ ስክሪኑን ለብቻቸው መቆጣጠራቸውን ቀጠሉ። ዛሬም ከፍላሽ ወደ ፍላሽ ሲገለበጡ የምናያቸው እንደ ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ ያሉ ጨዋታዎች የዚያ ልማድ ልጆች ናቸው፤ በሜኑአቸው ውስጥ የመስኮት ምርጫ አይገኝም። ከዚያ ወዲህ የወጡት አብዛኞቹ ግን ምርጫውን ለተጫዋቹ ይተዉለታል። እንግዲህ ፉል ስክሪን የቀረልን ስለሚያስፈልገን ሳይሆን ማንም ስላልጠየቀው ነው ለማለት ይቻላል።

አሁን ወደ ኑሮአችን እንምጣ። ከሞጆ ወደ ሀዋሳ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለችውን ቆቃን የማያውቅ በመካከላችን ጥቂት ነው፤ ሌላው ቢቀር የሐይቋን ዓሣ ቀምሶ አልፏል። በአዋሽ ወንዝ ላይ የተሠራው የቆቃ ግድብ ኢጣሊያ ከከፈለችው የጦር ካሣ ጋር የተያያዘ ሥራ ሲሆን እ.ኤ.አ. በ1960 ኃይል ማመንጨት ጀመረ፤ አቅሙ 43 ሜጋ ዋት ያህል ነው። ከእርሱ በታች አዋሽ 2 እና አዋሽ 3 ተከተሉት። በጳጉሜን 2017 ዓ.ም. ደግሞ 5,150 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም ያለው ታላቁ የሕዳሴ ግድብ ተመረቀ። ይሁን እንጂ በግድብ ጎን መኖር መብራት ላለመጥፋቱ ዋስትና አይሆንም። ኃይሉ በቀጥታ ወደ ጎረቤት ቤት አይገባምና፤ ወደ አገር አቀፉ መስመር ይገባል፤ ከዚያም በማከፋፈያ ጣቢያ፣ በትራንስፎርመርና በምሰሶ ላይ በተዘረጋ ሽቦ ዞሮ ይመጣል። ከእነዚህ አንዱ ሲበላሽ ሐይቁ ሞልቶ ሳለ ቤቱ ይጨልማል። የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው የሚለው ተረት ለቆቃ ልጅ በመብራት ይተረጎማል።

መብራት በሄደ ጊዜ በላፕቶፑ ላይ የሚሆነውን እንመልከት። ላፕቶፑ አይጠፋም፤ ድምፅ ሳያሰማ ወደ ባትሪ ይዞራል። በዚህ ጊዜ ተጫዋቹ በፉል ስክሪን ላይ ከሆነ የባትሪውን ምልክት አያየውም። የስክሪኑ ብርሃን ጥቂት ቢደበዝዝም ጨዋታው የጋለበት ሰው ልብ አይለውም። ከዚህም በላይ በዊንዶውስ 10 እና 11 ጨዋታ በሙሉ ስክሪን በሚካሄድበት ጊዜ ማስታወቂያዎችን ዝም የሚያሰኝ ሥርዓት አለ፤ ተጫዋቹ እንዳይረበሽ ተብሎ የተሠራ ነው። መብራት በማይቋረጥበት አገር ይህ በጎ አሳብ ነው። በእኛ ዘንድ ግን መረበሽ የሚገባውን ሰው ሳይረበሽ እንዲቀር ያደርገዋል። የብዙዎቻችን ላፕቶፕ ደግሞ በሰው እጅ የቆየ ነው፤ ያረጀ ባትሪ 20 ከመቶ ቀርቶኛል እያለ በድንገት ይሞታል።

የሚሞተው ጨዋታው ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ጽሑፍ ማቅረብ ባላስፈለገ ነበር። ጨዋታ ተመልሶ ይጀመራል። ነገር ግን በአንድ ዶርም ውስጥ አንዱን ላፕቶፕ ስንት ሰው እንደሚጠቀምበት እናውቃለን። አንዱ የመመረቂያ ጽሑፉን ከፍቶ ሲሠራበት ቆይቶ ራት ለመብላት ይወጣል፤ ሌላው «እስክትመለስ ድረስ ትንሽ ልጫወት» ብሎ ይቀመጣል። ጽሑፉ ከጨዋታው ሥር ተከፍቶ፣ ነገር ግን ሳይቀመጥ ይቀራል። ጨዋታው ስክሪኑን በሙሉ ስለ ያዘ ጽሑፉ መኖሩም ይረሳል። ከዚያ መብራት ይሄዳል፤ ባትሪውም ይከተላል፤ የሦስት ሰዓት ሥራ አብሮ ይሄዳል። ጓደኛሞች በዚህ የተነሣ ሳምንት ሙሉ ሳይነጋገሩ ሲቀሩ ታይቷል። አንድ ያላት እንቅልፍ የላት እንደሚባለው፣ አንድ ኮምፒዩተር ያለው ዶርምም ዓይኑን ከኮምፒዩተሩ ላይ ሊነቅል አይገባውም። ጨዋታው በመስኮት ቢሆን ኖሮ ከጎኑ የጽሑፉ ጠርዝ፣ ከታች የባትሪው ምልክትና ሰዓቱ ይታዩ ነበር። በቆቃ ሐይቅ ላይ መረብ የጣለ ዓሣ አጥማጅ ዓይኑን ከመረቡ ላይ ባያነሣ የሚመጣውን ነፋስ ማን ያይለታል?

በመስኮት መጫወት ለመኪናውም ይጠቅማል፤ መኪና ያልኩት ኮምፒዩተሩን ነው። በብዙዎቹ ላፕቶፖቻችን ላይ ያለው ስክሪን 1366 በ768 ነጥብ ነው፤ ሲባዛ ከ1 ሚሊዮን በላይ ነጥብ ይሆናል። 800 በ600 የሆነ መስኮት ግን 480,000 ነጥብ ብቻ ነው፤ ከግማሽ ያነሰ ማለት ነው። ኮምፒዩተሩ ለእያንዳንዱ ሥዕል የሚሥላቸው ነጥቦች በዚያው ልክ ስለሚቀንሱ የተለየ የሥዕል ካርድ የሌለው ላፕቶፕ እንኳ ሳይንቀራፈፍ ያጫውታል። በፉል ስክሪንም ነጥቡን መቀነስ ይቻላል የሚል ይኖራል፤ እውነት ነው፤ ነገር ግን ትንሹ ሥዕል ወደ ትልቁ ስክሪን ሲለጠጥ ይደበዝዛል። በመስኮት ውስጥ ያንሳል እንጂ ጥራቱን አያጣም። እዚህ ላይ አንድ ማስጠንቀቂያ አለ፤ ሥራ የቀለለለት ኮምፒዩተር በሰኮንድ የሚሥለውን ብዛት ጨምሮ ያንኑ ያህል ኃይል ሊበላ ይችላል። ስለዚህ በጨዋታው ማስተካከያ ውስጥ በሰኮንድ 30 ወይም 60 ሥዕል የሚል ገደብ ማድረግ ያስፈልጋል። ያን ጊዜ ሙቀቱም የባትሪው ፍጆታም ይቀንሳል።

አሁን ተቃዋሚዎች የሚያቀርቧቸውን አሳቦች ልመርምር።

የመጀመሪያዎቹ ጨዋታውን በእውነት የሚወዱት ናቸው። በመስኮት ሲጫወቱ እጅ ካዘዘው በኋላ ሥዕሉ ይዘገያል ይላሉ። ልክ ናቸው። በመስኮት ያለው ጨዋታ ሥዕሉን በቀጥታ ወደ ስክሪኑ አይልክም፤ ዊንዶውስ ከሌሎቹ መስኮቶች ጋር አቀናጅቶ ያወጣለታል። በሰኮንድ 60 ጊዜ በሚታደስ ስክሪን ላይ አንዱ ሥዕል ወደ 17 ሚሊ ሰኮንድ ይፈጃል፤ መዘግየቱ የአንድ ሥዕል ያህል ሊሆን ይችላል። በካውንተር ስትራይክ ውድድር ላይ ይህ ዋጋ አለው። እ.ኤ.አ. በ2021 የወጣው ዊንዶውስ 11 ይህን መዘግየት የሚቀንስ ማስተካከያ በኋላ ተጨምሮለታል፤ አሮጌዎቹ ላፕቶፖቻችን ግን አብዛኞቹ አያስተናግዱትም። ስለዚህ ውድድር ሲሆን ፉል ስክሪን ይሁን። ማክሰኞ ማታ በዶርም የሚደረገው ጨዋታ ግን ውድድር አይደለም፤ ለ17 ሚሊ ሰኮንድ ሲባል የጓደኛን የሦስት ሰዓት ሥራ ለአደጋ ማጋለጥ አይገባም።

ሁለተኛዎቹ መምህራኖቻችን ናቸው። በመስኮት ያለ ጨዋታ ለመደበቅ ይቀላል፤ ተማሪው በላብራቶሪ ውስጥ ከጽሑፉ ጀርባ ይሸሽገዋል ይላሉ። መደበቅ የፈለገ ግን በፉል ስክሪንም ቢሆን ኦልትና ታብ የተባሉትን ሁለት ቁልፎች መጫን ብቻ ይበቃዋል፤ ይህም ባይሆን በኪሱ ስልክ አለው። በላብራቶሪ ውስጥ ለተመደበ ሥራ የተመደበ ሰዓት መከበር አለበት፤ በዚህ እኔም ከመምህራኑ ጋር ነኝ። እኔ የምናገረው ስለ ዶርምና ስለ ቤት ነው።

ሦስተኛው ተቃውሞ ከሁሉ የከበደው ነው። በመስኮት የሚጫወት ሰው አንዱን ዓይኑን በጨዋታው፣ ሌላውን በትምህርቱ ላይ አድርጎ ሁለቱንም ያበላሻል የሚል ነው። ይህ አባባል ጨዋታንና ጥናትን ባንድ ጊዜ ለማስኬድ መስኮት የሚከፍተውን ሰው በትክክል ይመታዋል። የሚያጠና ያጥና፤ የሚጫወትም ይጫወት። እኔ መስኮትን የምደግፈው ሁለቱን ለማደባለቅ አይደለም፤ ጨዋታው የሚያበቃበት ጊዜ ሲደርስ እንድናውቅ ነው። ሰዓት የማይታይበት ጨዋታ ማብቂያ የለውም። ቅዳሜ ወደ ቆቃ የሄደ ተማሪ ላፕቶፑን ከፍቶ ስክሪኑ ሁሉ ጨዋታ ሲሆንበት፣ ጆሮውንም በማዳመጫ ሲደፍን፣ እናቱ ሦስት ጊዜ ብትጠራው አይሰማም፤ ታናሽ ወንድሙ ተራውን እየጠበቀ እዚያው እንቅልፍ ይወስደዋል። መስኮት ብቻውን ጨዋነትን አያስተምርም፤ ነገር ግን ሰዓቱን ያሳያል፤ ሰዓቱን እያየ የሚቀጥል ደግሞ አላወቅሁም ሊል አይችልም።

በመካከል ያለች አንዲት ማታለያም አለች። ጠርዝ የሌለው መስኮት የሚባል ምርጫ በአዲሶቹ ጨዋታዎች ውስጥ ይገኛል። ወደ ሌላ ጽሑፍ ለመሻገር ከፉል ስክሪን ይልቅ ይቀላል። ነገር ግን እርሱም ሰዓቱንና ባትሪውን ስለሚሸፍን ስሙ እንጂ ግብሩ መስኮት አይደለም። ለእኛ ችግር መፍትሔ የሚሆነው ጠርዝ ያለው፣ ከስክሪኑ ያነሰ መስኮት ነው።

በዚህ መሠረት ለየዶርሙ የሚከተለውን አቀርባለሁ።

አንደኛ፤ በጋራ በምንጠቀምበት ኮምፒዩተር ላይ ጨዋታ ሁሉ በመስኮት ይከፈት። በጨዋታው ማስተካከያ ውስጥ ምርጫው ካልተገኘ ኦልትና ኢንተርን አብሮ መጫን በብዙዎቹ ላይ ይሠራል፤ በማይንክራፍት ኤፍ 11 ነው። እሺ የማይል አሮጌ ጨዋታ ቢኖር የሌላ ሰው ሥራ በተከፈተበት ሰዓት አይጀመር።

ሁለተኛ፤ ከጨዋታ በፊት የተከፈተ ጽሑፍ ሁሉ ይቀመጥ። ባለቤቱ ባይኖርም ተጫዋቹ ያስቀምጥለት፤ ኮንትሮልና ኤስን ለመጫን ፈቃድ አያስፈልግም።

ሦስተኛ፤ መብራት ከሄደ ጨዋታው ወዲያው ይቁም። የቀረው ባትሪ ሥራ ላለበት ነው።

አራተኛ፤ ማኅበራችን በየወሩ አንድ ቀን የውድድር ቀን ያዘጋጅ። ያን ቀን ፉል ስክሪን ይፈቀድ፤ የሚሸነፍም ያለ ምክንያት ይሸነፍ።

እነዚህ አራት ነገሮች ገንዘብ አይጠይቁም፤ የአስተዳደር ፊርማም አያስፈልጋቸውም። ስለ መብራቱ የምናደርገው ለጊዜው ብዙ ላይኖር ይችላል፤ ስለ ስክሪኑ ግን ዛሬ ማታ ልንወስን እንችላለን። ኮምፒዩተሩ የጋራ ነው፤ ጨዋታውም ለጓደኛ ሥራ፣ ለሰዓቱና ለባትሪው ቦታ ይልቀቅ።