ስም ያጣው የልደታ ሜዳ

በፓሪስ በየዓመቱ የሚካሄደውን የሸክላ ሜዳ ቴኒስ ሻምፒዮና ዓለም «ሮላን ጋሮስ» ብሎ ይጠራዋል። ብዙ ተመልካች ሰውየው የድሮ የቴኒስ ኮከብ ይመስለዋል። አልነበረም። ጋሮስ አብራሪ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1913 የሜዲትራኒያን ባሕርን ሳያርፍ በአውሮፕላን አቋረጠ፤ በ1918 አንደኛው የዓለም ጦርነት ሊያበቃ ሳምንታት ሲቀሩት በአየር ውጊያ ሞተ።

ታዲያ ስሙ እንዴት ቴኒስ ሜዳ ላይ ወጣ? ፈረንሳይ በ1927 አሜሪካንን አሸንፋ የዴቪስ ዋንጫን ወሰደች። በቀጣዩ ዓመት ዋንጫውን በሀገሯ ለመከላከል ትልቅ ስታዲየም አስፈለጋት። ያኔ የስታድ ፍራንሴ ክለብ ፕሬዝዳንት ኤሚል ሌሲዩር ስታዲየሙ በሟች የትምህርት ቤት ጓደኛቸው ስም ይጠራ ብለው አጥብቀው ያዙ። ተሳካላቸው። በ1928 አንሪ ኮሼ ሬኔ ላኮስትን ረትቶ በአዲሱ ሜዳ የመጀመሪያው ሻምፒዮን ሆነ።

በ1936፣ አዲስ አበባ በጣሊያን ጦር ከተያዘች ከሳምንታት በኋላ፣ ጀርመናዊው ጎትፍሪድ ፎን ክራም እንግሊዛዊውን ፍሬድ ፔሪን በአምስት ሴት አሸንፎ ዋንጫውን ወሰደ። የመጨረሻው ሴት 6 ለ 0 ነበር። የናዚ ፓርቲ አባል ያልሆነውን ይህን ሰው የገዛ ሀገሩ በ1938 አሰረችው። ስሙን ግን ከሻምፒዮናው መዝገብ ልትፍቀው አልቻለችም።

አሁን ወደ ልደታ። የኢትዮጵያ አየር መንገድ በ1946 በረራ ሲጀምር ቤቱ የልደታ አውሮፕላን ማረፊያ ነበር። መንደርደሪያው ለጄት አልበቃ ሲል፣ በ1960ዎቹ መጀመሪያ ወደ ቦሌ ተሻገረ። ለአካባቢው የቀረው መጠሪያ «ኦልድ ኤርፖርት» ነው። ይህ ስም አይደለም፤ በባዕድ ቋንቋ የተነገረ ዕድሜ ነው። ማን በረረ? ማን ጠገነ? መልስ የለውም። አሮጌው የልደታ ሰፈር ፈርሶ ኮንዶሚኒየም ሲቆም ደግሞ ነዋሪው አድራሻውን በብሎክ ቁጥር መናገር ለመደ።

«ሕዝቡ ኑሮ ከብዶት የስም ነገር ምን ያደርጋል?» የሚል አይጠፋም። ጥያቄው ተገቢ ነው። ግን ስታዲየም ሲሚንቶና ብረት ይፈልጋል፤ ስም የሚፈልገው እንደ ሌሲዩር ያለ አንድ ግትር ሰው ብቻ ነው።

ስም ቦታን አይቀድስም፤ ይህም መታወቅ አለበት። በ1939 የፈረንሳይ መንግሥት በዚያው ስታዲየም የውጭ ዜጎችን አጉሯል፤ ከሂትለር ሸሽተው የመጡ ጭምር። ይሁን እንጂ ስም ያለው ቦታ ይጠየቃል። ቁጥር ብቻ ያለው ቦታ ማንም አይጠይቀውም።

አስፋው አሊ እና ሚሽካ ባቢቼፍ በ1930 የአብራሪነት ፈቃድ ያገኙ የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን ናቸው። ልደታ ውስጥ ስንት ልጅ ያውቃቸዋል? ከተማዋ ዛሬም እያፈረሰች እየገነባች ነው። በክፍለ ከተማው የሚከፈተው ቀጣዩ የስፖርት ሜዳ ወይም መንገድ ቁጥር ከመለጠፉ በፊት ስማቸው ይውጣበት። አስተዳደሩ ካላሰበው፣ ነዋሪው በስብሰባ ላይ እጁን ያውጣ።